የተዋሱት ሰው

በአንድ አገር፣ ደጋው ከቆላው በሚገናኝበት ጠረፍ፣ አስተናግር የሚነግዱ ሰዎች ተነሡ ይባላል። የአስተናግሩን ፍሬ አድርቀውና ወቅጠው፣ በጠጅ በጥብጠው ለጎረምሳው ያጠጡታል። የቀመሰው አንድ ሌሊት ንጉሥ ሆኖ ያድራል፤ በሳምንቱ የአባቱን በሬ ሸጦ ይመለሳል፤ በዓመቱ የሚሸጠው ያጣል። በየመንደሩ ማሳው ጦም አደረ፤ እናቶች በደህና ቀን ልጅ መቅበር ለመዱ።

የንጉሡ ጭፍሮች በየኬላው አድፍጠው የሚይዙት አህያ ነጂውን ብቻ ነበር። አህያ ነጂው ቢገረፍም የሚናገረው የለውም። ጭነቱን ከአንድ ዋርካ ሥር አንሥቶ ሌላ ዋርካ ሥር ያራግፋል እንጂ የባለጭነቱን ፊት አይቶ አያውቅም። አንዱ ሲታሰር ሁለት ይተካል። ወህኒው በአህያ ነጂ ተሞላ፤ ንግዱ ግን ከዓመት ዓመት እየሰፋ ሄደ።

ንጉሡ አማካሪዎቻቸውን ሰበሰቡ። አንድ መኰንን ተነሥቶ «መካከላቸው ገብቶ የሚኖር ሰው እንላክ። አገር ያወቀው ውሸታም፣ አንደበቱ የማይደናቀፍ ይሁን» አለ። ሁሉም ተስማሙ። አንድ ሽማግሌ ዳኛ ብቻ ዝም አሉ።

«አንቱስ ምን ይላሉ?» አሉ ንጉሡ።

«ጃንሆይ፣ ውሸታም ከእነዚያ ሰዎች ጋር ሦስት ቀን አይውልም። ውሸታምን ቀድሞ የሚለየው ውሸታም ነው። ሌባ የሚያምነው ደግ ሰውን ነው። የሚላከው ሰው ልጆች የሚከተሉት፣ ባልቴት ምሥጢሯን የምታዋየው፣ ሲያዝን ከልቡ የሚያዝን፣ ሲስቅም ከልቡ የሚስቅ ይሁን። ስሙ ብቻ ሐሰት ይሁን፤ ሌላው ሁሉ እውነት ይሁን።»

እንዲህ ያለ ሰው ተፈለገና ደግፌ የሚባል ገበሬ ተገኘ። ሚስትና ሁለት ልጆች አሉት። በመንደሩ የተጣላ ሁሉ የሚታረቀው እሱ ደጅ ነው። ንጉሡ አስጠሩትና ነገሩን ነገሩት። ለሚስቱም «ባልሽን ለአንድ ክረምት አውሺኝ» ብለው ላኩባት። ንጉሥ ጠይቆ እምቢ አይባልምና እሺ አለች።

ዳኛው ደግፌን ቤታቸው አስገብተው አስተማሩት። ጎሹ የሚል ስም ሰጡት። እንቅልፍ ሲጥለው ጠብቀው ትከሻውን ነቅነቅ ያደርጉና «ማን ነህ?» ይሉታል። «ደግፌ» ሲል መልሰው ያስተኙታል። አንድ ሌሊት ዐይኑን ሳይገልጥ «ጎሹ» አለ። «አሁን መንገድህን ቀጥል» አሉት።

ጎሹም ኬላ ጠባቂ ማሩን ወርሶ ያደኸየው የማር ነጋዴ ነኝ ብሎ ቆላ ወረደ። ስድስት ወር አህያ ጫነ። ማንም አላመነውም፤ ማንም አልጠረጠረውም። አንድ ቀን የባለጭነቱን ታላቅ ልጅ ንዳድ ጣለው። ነጋዴዎቹ በሽታውን ፈርተው ራቁ። ጎሹ ልጁን በጀርባው አዝሎ ወንዝ ዳር ወረደ፤ ነጠላውን እየነከረ ግንባሩ ላይ ሲያኖር፣ ሲደርቅ መልሶ ሲነክር ሦስት ሌሊት አደረ። በዚያ ሦስት ሌሊት ንጉሡን አላሰበም፤ የተላከበትንም አላሰበም። የታመመ ልጅ ነው ያየው። ልጁ በአራተኛው ቀን ውኃ ጠየቀ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ጎሹ ከባለጭነቱ ገበታ በላ፤ የባለጭነቱ ሚስትም «ወንድሜ» አለችው።

ክረምቱ አለቀ። ጎሹ በምሥጢር መንገድ «ልመለስ?» ብሎ ላከ። መኰንኑ «ጥቂት ቆይ፤ ትልልቆቹን ገና አላወቅናቸውም» ብሎ መለሰ። ሁለተኛው ክረምት አለቀ። ያው መልስ መጣ።

በሁለተኛው ዓመት፣ በገበያ ቀን፣ አስተናግር የጠጣ አንድ ወጣት ገደሉ ሜዳ መስሎት ዝም ብሎ ተራምዶ ገባ። ጎሹ ከገደሉ አፋፍ ላይ ቆሞ እናቲቱ የልጇን አንድ እግር ጫማ ይዛ ሌላውን በሣሩ ውስጥ ስትፈልግ አየ። የዚያን ዕለት ማታ ባለጭነቱ አጎዛው ላይ ተቀምጦ የሽያጩን አሞሌ ጨው ቆጠረ። ቆጥሮ ሲጨርስ ልጁን ጭኑ ላይ አስቀምጦ አጎረሰው፤ ሁለተኛውን ጉርሻ ወደ ጎሹ ዘረጋ። ጎሹ ለምን እንደመጣ አልረሳም። አፉን ከፍቶ ተቀበለ፤ ዋጠውም።

በሦስተኛው ዓመት ለባለጭነቱ ወንድ ልጅ ተወለደ። «የክርስትና አባቱ አንተ ነህ» አለው ጎሹን። በአርባኛው ቀን ቤተ ክርስቲያን ሄዱ። ቄሱ ሕፃኑን ሳያስታቅፉት «የክርስትና ስምህ ማን ነው?» ብለው ጠየቁት። ዳኛው ሁሉን ሲያስተምሩት ይህን ረስተውት ነበር። በሦስት ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ እውነተኛ ስሙን ተናገረ፤ «ኃይለ ሚካኤል» አለ። ሕፃኑን በእውነተኛ ስሙ ተቀበለ።

ለድግሱ በየአገሩ ያሉ ትልልቅ ነጋዴዎች ሁሉ እንደሚመጡ ጎሹ አስቀድሞ ልኮ ነበር። እነሱም መጡ። ጠጅ ተቀዳ፤ በግ ታረደ። ፀሐይ ሲያዘቀዝቅ ጭፍሮቹ ግቢውን ከበቡ። ባለጭነቱን አራት ሆነው ጥለው እጁን የፊጥኝ ሲያስሩት፣ እሱ አንገቱን ቀና አድርጎ ጎሹን ፈለገና ጮኸ፦ «አበልጄ ሽሽ! በጓሮ በኩል ውጣ!»

ጎሹ ሕፃኑን እንዳቀፈ አልተነቃነቀም። ጭፍሮቹ በግራና በቀኙ አለፉ፤ ማንም እጁን አልጫነበትም። ባለጭነቱ ይህን አየ። ከዚያ በኋላ አንድ ቃል አልተናገረም። ሚስቱ መጥታ ሕፃኑን ከጎሹ ክንድ ላይ ወሰደች።

ነጋዴዎቹ በሕግ ተፈረደባቸው። የአስተናግሩ ጎተራ ተቃጠለ፤ በዚያ ዓመት ከገደሉ የወደቀ ልጅ አልነበረም። ንጉሡ ለደግፌ ካባ አለበሱት፤ መሬት ሰጡት፤ አዝማሪ ዘፈነለት።

ደግፌ ቤቱ ገባ። ሚስቱ ግን ከሳምንት በኋላ አንድ ነገር አስተዋለች። ሴት ልጁ ሮጣ ስትመጣ መጀመሪያ የሚያየው እጇን ነው፤ ምን ይዛ እንደሆነ። ወንድሙ ሊጠይቀው መጥቶ ሲያወጋ፣ የተናገረውን ትቶ ያልተናገረውን ይፈልጋል። ጎረቤት ቅቤ ቢያመጣለት «ምን ፈልጎ ነው?» ይላል። ትንሹ ልጁ ትኩሳት የያዘው ቀን ደጅ ወጥቶ አደረ፤ ወደ ልጁ መኝታ መቅረብ አልቻለም። የተጣሉ ሰዎች ሊታረቁ ደጁ መጥተው ተቀመጡ፤ ሁለቱንም አላምን ብሎ ሰደዳቸው።

ሚስቱ ተነሥታ ወደ ችሎት ሄደች። «አቤት! አቤት!» ብላ ጮኸች። አስቀረቧት።

«ጃንሆይ፣ ያዋስኩትን ይመልሱልኝ።»

«ባልሽ ቤትሽ ነው» አሉ ንጉሡ።

«አንድ ነገር ይፍረዱልኝ። ገበሬ በሬውን ቢያውስ፣ በሬውም ቀንበር አንገቱን ልጦት ቢመለስ፣ ማስታመሙ የማን ነው?»

«የተዋሰው ሰው ነው» አሉ ንጉሡ።

«እንግዲያውስ ባሌን ለአንድ ክረምት ተውሰው ከሦስት ክረምት በኋላ መለሱልኝ። ካባውን አይቻለሁ። ቁስሉን ግን ብቻዬን እንዳስታምመው ተዉልኝ።»

ችሎቱ ጸጥ አለ። ንጉሡ ወደ ሽማግሌው ዳኛ ዞሩ። ዳኛውም ቆመው ፈረዱ፤ ራሳቸውንም ከፍርዱ አላወጡም።

«የላክነው ውሸቱን ፈልገን አይደለም፤ ደግነቱን ፈልገን ነው። ያ ደግነት ነው የተላጠው። ስለዚህ ሦስት ነገር እንክፈል። አንደኛ፣ የላከው ራሱ ይስማው። የጀብዱውን ወሬ ብቻ ሳይሆን የሚያፍርበትንም ጭምር ጃንሆይ ራስዎ ተቀምጠው ይስሙት። ሁለተኛ፣ በክርስትና ስሙ የተቀበለው ሕፃን ልጁ ነው። አባትየው በጥፋቱ ታስሯል፤ ልጁ ግን አላጠፋም። በመንግሥት ወጪ ይደግ፤ ደግፌም ልጄ ይበለው። ሦስተኛ፣ ከእንግዲህ ሰው ሲላክ የሚመለስበት ቀን አብሮ ይቆረጥ፤ ቀኑ ሲደርስ የሚጠራውም ሰው በስሙ ይታወቅ።»

ንጉሡ ፍርዱን ተቀበሉ። ደግፌን እልፍኛቸው አስገብተው ሰሙት። መጀመሪያ ስለ መንገዱና ስለ አህዮቹ ነገራቸው። ቀጥሎ ስለ ጨው ቆጠራው። ብዙ ቀን ቆይቶ «አበልጄ ሽሽ» ያለውን ሲናገር ንጉሡ ፊታቸውን በካባቸው ሸፈኑ። የባለጭነቱ ሚስት ለደግፌ እስክትሞት ቃል አልመለሰችለትም፤ ሕፃኑን ግን አልከለከለችውም። ደግፌም ከዚያ ወዲያ ቀስ በቀስ የሰው እጅ ማየቱን ትቶ የሰው ፊት ማየት ጀመረ ይባላል።

ምሳሌው ይህ ነው። ፍቺው ሩቅ አይደለም።

አስተናግሩ ዛሬ ኮኬይንና ሄሮይን ነው። አህያ ነጂው በየአውሮፕላን ማረፊያው የሚያዘው ተሸካሚ ነው፤ በእኛው ቦሌም ከደቡብ አሜሪካ የሚመጣ ኮኬይን በሻንጣና በሆድ ሲያዝ በተደጋጋሚ ሰምተናል፤ ባለጭነቱ ግን ብዙ ጊዜ ከዚያ የለም። ባለጭነቱ ዘንድ የሚደርሰው ስሙን ቀይሮ ገበታው ላይ የሚቀመጥ ሰው ነው። አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1973 ዲ ኢ ኤ የተባለውን የአደንዛዥ ዕፅ ቁጥጥር መሥሪያ ቤት ካቋቋመች ወዲህ፣ ይህ ዓይነቱ ሥራ ከመሥሪያ ቤቱ ዋና ዋና መሣሪያዎች አንዱ ሆኖ ኖሯል።

የክርስትናው ድግስ ከንቱ ፈጠራ እንዳይመስላችሁ። የአሜሪካ ጉምሩክ ባልደረባ የነበረው ሮበርት ማዙር እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ አጋማሽ ቦብ ሙሴላ በሚል ስም፣ የዕፅ ገንዘብ የሚያጥብ ባለሀብት ሆኖ ከኮሎምቢያ አዘዋዋሪዎችና ቢ ሲ ሲ አይ ከተባለው ዓለም አቀፍ ባንክ ሹማምንት ጋር ሁለት ዓመት ያህል ኖረ። በእውነተኛ ቤቱ ሚስትና ልጆች ነበሩት። በጥቅምት 1988 ከሌላ ስውር ባልደረባው ጋር የሐሰት ሠርግ ደገሰና ወዳጆቹን ወደ ፍሎሪዳ፣ ታምፓ አካባቢ ጠራ። እንግዶቹ ከባሕር ማዶ ሳይቀር መጡ፤ በዋዜማው ለወንደላጤ ግብዣ እንሄዳለን ብለው መኪና ሲገቡ ተያዙ። ባንኩ በ1990 ጥፋቱን አምኖ ተቀጣ፤ በ1991 በብዙ አገሮች ተዘጋ። ይህ ታላቅ ድል ነው፤ ከልቤ ነው የምለው። ነገር ግን እነዚያ ሰዎች የመጡት ወዳጃቸው ሊያገባ ነው ብለው መሆኑን ማዙር ያውቅ ነበር። ሁለት ዓመት ሙሉ ሰውን ማቅረብና መወደድ ሥራው ነበር። እንዲህ ያለው ሥራ ፋይሉ ሲዘጋ አብሮ አይዘጋም።

አንዳንዱ ደግሞ ጭራሽ አይመለስም። ኤንሪኬ ካማሬና፣ በቅጽል ስሙ ኪኪ፣ በሜክሲኮ የተወለደ የዲ ኢ ኤ ባልደረባ ነበር። በሜክሲኮዋ ከተማ በጓዳላሃራ ከአራት ዓመት በላይ፣ ከመረጃ ሰጪዎች ጋር እየሠራ፣ የትልልቆቹን ባለጭነቶች ዱካ ተከተለ። እ.ኤ.አ. በኅዳር 1984 የሜክሲኮ ጦር ቺዋዋ በተባለው ግዛት ውስጥ ራንቾ ቡፋሎ የሚባለውን ግዙፍ የማሪዋና እርሻ አወደመ። በየካቲት 7 ቀን 1985 ካማሬና ከአሜሪካ ቆንስላ ወጥቶ ከሚስቱ ጋር ምሳ ሊበላ ሲሄድ፣ የእርሻውን መውደም ሊበቀሉ በተነሡ ታጣቂዎች ተጠለፈ። አብሮት ይሠራ የነበረው ሜክሲኮአዊው አብራሪ አልፍሬዶ ሳቫላም በዚያው ቀን ተወሰደ። ሁለቱም ተሠቃይተው ተገደሉ፤ አስከሬናቸው የተገኘው ከወር ገደማ በኋላ ነው። ካማሬና 37 ዓመቱ ነበር፤ ሚስቱንና ሦስት ወንዶች ልጆቹን ትቶ ሄደ። ለግድያው ከተፈረደባቸው አንዱ የሆነው ራፋኤል ካሮ ኪንቴሮ በ2013 በአንድ ፍርድ ቤት ውሳኔ ከእስር ወጣ፤ በ2022 እንደገና ተያዘ፤ ለአሜሪካ ተላልፎ የተሰጠው በየካቲት 2025 ነው። ኪኪ ከሞተ 40 ዓመት ካለፈው በኋላ ማለት ነው። መሥሪያ ቤቱ ባልደረባውን አልረሳም፤ ይህ ሊመሰገን ይገባል።

ሞተው ለሚመጡት ሐውልት ማቆም እናውቅበታለን። ከባዱ በሕይወት ለሚመለሱት የሚገባውን ማድረግ ነው። የካናዳው የሥነ ልቦና ምሁር ሚሼል ጂሮዶ እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ መጀመሪያ ስውር ፖሊሶችን አጥንቶ፣ ይህ ሥራ በአእምሮና በምግባር ላይ ጥሎት የሚያልፈውን ጉዳት በጽሑፎቹ አሳይቷል። የአሜሪካው የምርመራ ቢሮ ኤፍ ቢ አይም ስውር ባልደረቦቹን ከመሰማራታቸው በፊት፣ በሥራው ላይ ሳሉና ከተመለሱ በኋላ የሚመረምር ክፍል አቋቁሟል። የሽማግሌው ዳኛ ፍርድ ይኸው ነው፤ የተዋሰ ያስታምም።

አንዳንድ ሰው «ፈቅዶ ገባበት፤ ደመወዝም ይከፈለዋል» ይላል። ደመወዝ የጉልበት ዋጋ ነው። እዚህ ግን የሚሰጠው ጉልበት ብቻ አይደለም። ሰውዬው ለልጁ የሚሰጠውን ፈገግታ፣ ለወዳጁ የሚያሳየውን ቸርነት፣ ለታመመ የሚኖረውን ርኅራኄ ወስዶ ለመንግሥት ሥራ ያውላል። ሥራው ሲያልቅ እነዚያን ነገሮች መልሶ ለራሱ ቤት ሊገለገልባቸው ሲል ያገለገሉበትን ቦታ ያስታውሱታል። ባለጭነቱ ክፉ መሆኑ ይህን አያቀልለትም። ሰው በክፉ ሰው ቤትም ጉርሻ ይቀበላል፤ በክፉ ሰው ቤት የተወለደ ሕፃንም ሕፃን ነው።

ይህን የምለው ሥራው ይቅር ብዬ አይደለም። አህያ ነጂ እያሰሩ መኖር የድሆችን ወህኒ መሙላት ብቻ ነው፤ ባለጭነቱ ዘንድ የሚደርስ ሰው ያስፈልጋል። ነገር ግን ላኪ ሁሉ፣ ንጉሥም ይሁን መሥሪያ ቤት፣ ሰውን ሲልክ ሦስት ጥያቄ ይመልስ፦ መቼ ነው የሚመለሰው? የሚጠራው ማን ነው? ሲመለስ ማን ይሰማዋል? ይህን መመለስ የማይችል መንግሥት ሰው የመላክ መብት የለውም። እናንተም አንባቢዎች፣ በፖሊስም ይሁን በጦር ሜዳ እንዲህ ካለ ሥራ የተመለሰ ሰው ቤታችሁ ካለ፣ ያደረገውን ጀብዱ እንዲያወራላችሁ አትጠብቁ። የሚያፍርበትን እስኪናገር ድረስ አብራችሁት ተቀመጡ፤ ሲናገርም አትፍረዱበት።